ሥጋ አይጠፋም፣ ቦታ ይቀይራል

ይህን ኑዛዜ ለነፍስ አባቴ ማቅረብ ነበረብኝ። ነገር ግን አባ «ልጄ፣ ይሄ ሼፐር የምትይው ደግሞ ምንድን ነው?» ብለው ሲጠይቁኝ፣ እኔም ነጠላዬን አጣፍቼ፣ አንገቴን ደፍቼ፣ «አባ፣ ከብብት ተነሥቶ እስከ ጭን የሚወርድ፣ ቦርጭ የሚያፍን የውስጥ ልብስ ነው» ስል ታየኝና ተውኩት። አንባቢ ይሻላል። አንባቢ ቢስቅብኝም ስግደት አያዝብኝም።

ነገሩ እንዲህ ነው። ለሚ ላይ አብረን ያደግን ጓደኛዬ ጥር ላይ አገባች። ሁለታችንም ለጋብቻ ባይሆንም ለሚዜነት ትንሽ የረፈደብን ሴቶች ነን። እሷ ግን ሚዜ ሁኚኝ አለችኝ፤ እኔም ደስ እያለኝ እሺ አልኩ። ሠርጉ አዲስ አበባ አዳራሽ ውስጥ ሳይሆን እዚያው ተወልደን ባደግንበት ለሚ እንዲሆን ወሰነች። ይህን ሁላችንም አደነቅንላት። ቀጥላ ሚዜዎቿ ማንገቻ የሌለው፣ ትከሻና ደረት የሚያሳይ፣ ፈዘዝ ያለ ሮዝ ረጅም ቀሚስ እንድንለብስ ወሰነች። ሙሽራ ናትና አይፈረድባትም።

ለሚን ለማያውቅ ላስተዋውቅ። ከሙከጡሪ ተገንጥሎ ወደ ዓለም ከተማ በሚወስደው መንገድ፣ መሬቱ ወደ ጀማ ሸለቆ ከመውረዱ በፊት የምትገኝ የእንሳሮ ወረዳ ከተማ ናት። አሁን አሁን ስሟ የሚነሣው በሲሚንቶ ነው፤ መስከረም 2017 ዓ.ም. የተመረቀው ፋብሪካ በቀን 150 ሺህ ኩንታል የማምረት አቅም አለው። ጥር ላይ ግን ከሲሚንቶውም ከሠርጉም ቀድሞ የሚቀበላችሁ ብርዱ ነው። በዚያ ብርድ ደረቱን ገልጦ የሚውል ፍጡር ቢኖር ከጀማ ገደሎች አፋፍ ሣር የሚግጠው ጭላዳ ብቻ ነው። ጭላዳ ደረቱ ላይ ጸጉር ያልሸፈነው ቀይ ቆዳ አለው፤ ቅርጹም መሃሉ ጠበብ፣ ላይና ታቹ ሰፋ ያለ ነው። እኛ ሚዜዎች ገንዘብ ከፍለን፣ ትንፋሽ አጥሮን የምናሳድደውን ቅርጽ እሱ በነጻ ደረቱ ላይ ይዞት ይዞራል።

የመጀመሪያው ኃጢአቴ ውሸት ነው። ቀሚሶቹ የሚታዘዙት ከቱርክ ስለነበር፣ እያንዳንዳችን ደረታችንን፣ ወገባችንንና ዳሌያችንን ለክተን ቁጥሩን እንድንልክ ተነገረን። ሜትር አወጣሁና ለካሁ። ሜትሩ የነገረኝን አላመንኩትም። አርጅቶ ተኮማትሯል ብዬ ከጎረቤት ሌላ ተዋስኩ። የጎረቤቴም ሜትር ከእኔው ጋር ተመሳጥሮ ኖሮ ያንኑ ደገመ። በመጨረሻ የላክሁት ቁጥር ከዩኒቨርሲቲ የተመረቅሁ ዕለት የነበረኝን ወገብ ነው። ወገቡ አሁን የት እንዳለ ባላውቅም ቁጥሩ አልጠፋኝም።

ምክንያቴም የተዘጋጀ ነበር፤ ከጥር በፊት የነቢያት ጾም አለ፣ እስከዚያ እቀንሳለሁ ብዬ። ጾሙ ገባ። የጾም ገበታ ምን እንደሚመስል የሚያውቅ ሰው የሆነውን ለመገመት አይቸገርም። በሽሮው ላይ ተልባው፣ በተልባው ላይ ሱፍ ፍትፍቱ፣ ማታ ማታ ደግሞ ለስላሳ የጾም ዳቦ በሻይ። ከሥጋና ከቅቤ ጾምኩ እንጂ ከእንጀራ አልጾምኩም። ለገና ጾሙን ስፈታ ከገባሁበት ወፍሬ ወጣሁ።

ቀሚሱ እንዳዘዝኩት መጣ። የቱርክ ሰዎች አንድ ሴንቲ ሜትር አላጎደሉም፤ ያጎደልኩት እኔ ነኝ። እህቴ ከኋላ ሆና ዚፑን ብትጎትት፣ ብትጎትት፣ መሃል ጀርባዬ ላይ ደርሶ ቆመ። እንግዲህ ሼፐር የፈለግሁት ለማማር አልነበረም። የላክሁት ቁጥርና ያለኝ ወገብ ተጣልተው ስለነበር የሚያስታርቃቸው ሽማግሌ ያስፈልግ ነበር። ያገኘሁት ሽማግሌ የላስቲክ ነው።

ሁለተኛው ኃጢአቴ ገብጋባነት ነው። ሼፐር ከመግዛቴ በፊት ስለ ሳራ ብሌክሊ አንብቤ ነበር። ይህች አሜሪካዊት ፋክስ ማሽን እየዞረች የምትሸጥ ሴት ነበረች። አንድ ቀን ከነጭ ሱሪ ሥር የሚለበስ ስታጣ የስቶኪንጓን መርገጫ በመቀስ ቆርጣ ቀሪውን ለበሰችው። ሐሳቡን ይዛ፣ 5 ሺህ ዶላር ቁጠባዋን አውጥታ፣ በ2000 እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር ስፓንክስ የተባለውን የሼፐር ኩባንያ መሠረተች። በ2021 አብላጫውን ድርሻ ለብላክስቶን ስትሸጥ ኩባንያው 1.2 ቢሊዮን ዶላር ተገምቶ ነበር። እኔ ከዚህ ሁሉ ታሪክ የወሰድኩት ትምህርት «መቀስ ይበቃል» የሚል ነው። ስቶኪንጌን ቆርጬ ለበስኩና ከሳሎን እስከ ኩሽና ተራመድኩ። ኩሽና ስደርስ ሁለቱም እግሮቹ ተጠቅልለው ጭኔ ላይ ወጥተዋል። የብሌክሊም ስቶኪንግ እንዲሁ ወደ ላይ እየተጠቀለለ አስቸግሯት እንደነበር፣ ልፋቷም ሁሉ ያንን ለማስቀረት እንደነበር የተረዳሁት ጽሑፉን እንደገና ሳነበው ነው። እሷ ፈትና የጣለችውን ነገር ከሃያ ዓመት በላይ ቆይቼ ደገምኩላት።

ከዚያ መርካቶ ወረድኩ። የውስጥ ልብስ ከሚሸጥባቸው ጠባብ ሱቆች አንዱ ውስጥ ፈጣን፣ ዓይኗ ሜትር የሆነ ልጅ አገኘሁ።

«ስንት ቁጥር ልስጥሽ፣ እናቴ?»

«ኤም።»

ከላይ እስከ ታች አየችኝ። «ለራስሽ ነው?»

«ለእህቴ ነው።»

«እህትሽ አንቺን ታክላለች?»

«ትንሽ ቀጠን ትላለች።»

በዚህች አንዲት ዓረፍተ ነገር ልብሱን የመሞከር መብቴን አጣሁ። ለእህቴ የምገዛውን እኔ ምን ብዬ ልለካው? ልጅቱ ግን ደግ ነበረች፤ ሰበብ ላደረግኋት እህቴ ከልቧ አዘነችላት። «ምን ዓይነት ቀሚስ ነው የምትለብሰው?» አለችኝ። ማንገቻ የሌለው ስላት ጭንቅላቷን ነቀነቀች። «እንግዲያው እንዳይጠባት። የራሷን ቁጥር ትልበስ፤ ከተጠራጠርሽ አንድ ጨምሪላት። ሰው ባነሰ ቁጥር የሚከሳ ይመስለዋል። ሲጠብ እኮ ሆድ ወደ ላይ ነው የሚወጣው፤ ላዩ ክፍት ቀሚስ ከሆነ ደግሞ በጀርባና በብብት ይፈስሳል።»

«ታዲያ ቦርጯ አይጠፋም?»

«እናቴ፣ ሥጋ የት ይጠፋል? ቦታ ነው የሚቀይረው።»

ከዚህ የበለጠ የሼፐር ትምህርት ከዚያ በኋላም አልሰማሁም። እጅጌ ባለው፣ አንገቱ በተዘጋ ቀሚስ ውስጥ የተሰደደ ሥጋ የሚጠለልበት ጨርቅ አያጣም። ማንገቻ የሌለው ቀሚስ ግን በሩን የሚከፍተው ሥጋው በሚሸሽበት በኩል ነው። የዚህ ልብስ ጭካኔ እዚህ ላይ ነው፤ ከሆድ የተባረረውን ሁሉ ፎቶ አንሺው ፊት ለፊት ያቆመዋል።

ስለ ቀለምም መክራኝ ነበር። በካርቶኑ ላይ «የቆዳ ቀለም» ተብሎ የሚሸጠው የፈረንጅ ቆዳ ስለሆነ በእኛ ገላ ላይ ነጥቶ ይታያል። ጠይሙን አወጣችና ክንዴ ላይ አስጠግታ «ከፈዛዛ ቀሚስ ሥር የሚጠፋው ይሄ ነው» አለችኝ። እኔ ግን ዓይኔ ጥቁር፣ ጫፉ ዳንቴል የሆነ አንድ ሼፐር ላይ አርፏል። የመጨረሻ ስለሆነ በቅናሽ ነው፤ ቁጥሩም ኤም ነው። ከሮዝ ቀሚስ ሥር ጥቁር፣ ያውም ከነዳንቴሉ! ማን ሊያየው ዳንቴል አስፈለገኝ? ያኔ አልጠየቅሁም። በኋላ ብዙ ሰው አየው። ሱቁ ግድግዳ ላይ «የተሸጠ ዕቃ አይመለስም» የሚል ጽሑፍ ተለጥፏል፤ ከሥሩ ቆሜ ከፈልኩ።

ሦስተኛው ኃጢአቴ ትዕቢት ነው፤ ይህንን ለማስረዳት ዕቃው እንዴት እንደሚሠራ መናገር አለብኝ። ማንገቻ ያለው ልብስ ሸክሙን ትከሻ ላይ ያደርጋል። ማንገቻ የሌለው ሲያዩት ደረት ላይ የተንጠለጠለ ይመስላል እንጂ የሚሸከመው ወገብ ነው። በወጉ በተሰፋ ቀሚስ ውስጥ ወገብ ላይ የሚቆለፍ ጠፍጣፋ ቀበቶና በየስፌቱ ወደ ላይ የሚቆሙ ቀጫጭን አጥንቶች አሉ፤ ፕላስቲክ ወይም ብረት ናቸው። አጥንቶቹ ላይኛውን ጫፍ ቀጥ አድርገው ያቆሙታል፣ ቀበቶው ደግሞ ዳሌ ላይ አርፎ እንዳይወርድ ይይዘዋል። ሼፐሩ ናይለንና ስፓንዴክስ ነው። ስፓንዴክስን በ1958 እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር የዱፖንት ኩባንያ ኬሚስት ጆሴፍ ሺቨርስ ነው የሠራው፤ ከራሱ ርዝመት ብዙ እጥፍ ተለጥጦ ወደ ቦታው ይመለሳል። ወደ ቦታው ይመለሳል የሚለው ላይ አስምሩልኝ፤ ከአቅሙ በላይ የለጠጡት ላስቲክ ቀኑን ሙሉ የሚያስበው መመለሻውን ነው። ማንገቻ በሌለው ሼፐር ላይኛ ጫፍ በውስጥ በኩል የሲሊኮን መስመር አለ፤ ቆዳ ላይ ተጣብቆ እንዳይንሸራተት የሚያደርገው እሱ ነው። ሲሊኮን ግን የሚጣበቀው ደረቅ ቆዳ ላይ ነው።

እኔ በሠርጉ ጠዋት ትከሻዬ በፎቶ ላይ እንዲያበራ ከአንገቴ እስከ ጡቴ ድረስ የሚያብረቀርቅ ቅባት ተቀባሁ። «ሎሽን አትቀቢ» የሚለው ማስጠንቀቂያ ካርቶኑ ላይ በሥዕል ጭምር ነበር። ካርቶን እኔን ሊመክረኝ?

ለሚ፣ እናቴ ቤት፣ ማለዳ። እናቴ ሼፐሩን ከአልጋው ላይ አንሥታ በሁለት ጣቷ ይዛ ወደ ብርሃን አወጣችው። «የማን ሕፃን ልብስ ነው?» አለችኝ። የእኔ መሆኑን ስትሰማ ዝም ብላ ወጣች፤ ስትመለስ መቀነቷን ይዛለች። የአገራችን ሴት ከፈረንጅ ኮርሴት ጋር ሳትተዋወቅ ወገቧን ስታስር ኖራለች። መቀነት ሲታጠቁት ዞሮ ዞሮ የማያልቅ የእጅ ሥራ ጥጥ ነው፤ እንስራ ለሚሸከም ወገብ ድጋፍ፣ ለአራስ ሆድ ማሠሪያ፣ ጫፉ ላይ ደግሞ ብር መቋጠሪያ። እኔም እስቲ ብዬ ከቀሚሱ ሥር አስጠቀለልኩት። ጥጥ በጥጥ ላይ ተደራርቦ የነበረኝን ወገብ እጥፍ አደረገው።

«እማዬ፣ ይሄ እኮ አይደብቅም!»

«መቀነት ወገብ ይይዛል እንጂ ሆድ አይደብቅም» አለች እየፈታችልኝ። «ሆድ ደግሞ ምን አጥፍቶ ይደበቃል?»

መልስ አልነበረኝምና ሼፐሩን አመጣሁ። አገባቡን አልተርክም። እናቴና እህቴ በሁለት በኩል ይዘው፣ እኔ አልጋው ላይ በሆዴ ተኝቼ፣ አንዴ ትንፋሽ ስቤ ስመልስ የቀሚሱ ዚፕ ተዘጋ። ተነሥቼ መስተዋት ፊት ቆምኩ። እውነቱን ልናገር፤ አምሮብኝ ነበር። መቀመጥ፣ መጎንበስና መሳቅ አልችልም እንጂ አምሮብኝ ነበር።

ቤተ ክርስቲያን ትከሻችንን በነጠላ ሸፍነን ስለገባን ማንም ምንም አላየም። ድሉ የሚታየው ዳሱ ውስጥ ነው ብዬ ነጠላዬን አውልቄ ገባሁ። ያሳደጉኝ የሰፈር እናቶች በረድፍ ተቀምጠዋል። አዲስ አበባ ውስጥ አንዲት ሴት «ከሳሽ» ስትባል ቀኑን ሙሉ ደስ ብሏት ትውላለች። እኔም ያንን ቃል ፍለጋ ነበር ያን ሁሉ የሆንኩት፤ ቃሉም መጣ።

«ውይ ልጄ፣ ምነው እንዲህ ከሳሽ? አሞሽ ነበር?»

«ደህና ነኝ፣ እትዬ።»

«ኧረ ደህና አይደለሽም፣ ፊትሽም ጠቁሯል።» ፊቴ የጠቆረው በትንፋሽ ማጣት ነው። ወሬው ከአንዷ ወደ ሌላዋ አለፈ። አንዷ የከተማው ኑሮ ውድነት ነው አለች። ሌላዋ ብቻዋን ስለምትኖር ማን አብስሎ ያበላታል አለች። እናቴ በሠርግ መሃል «ደህና ናት፣ ደህና ናት» እያለች ልጇ እንዳልተራበች ስታስረዳ ዋለች። ለሚ ላይ ቦርጭ የምቾት ምስክር መሆኑን እያወቅሁ ነው እናቴን ያለ ምስክር ያስቀረኋት።

ከዚያ ሊያድኑኝ ተነሡ። ጉርሻ ከግራ፣ ጉርሻ ከቀኝ፤ ዶሮው፣ ቁርጡ፣ ጠላው። እምቢ ማለት ነውር ነው፤ እውነቱን ለመናገር ደግሞ እምቢ ማለት አልፈለግሁም። ሆዳምነት አራተኛው ኃጢአቴ ነው። ሐኪሞች እንደሚሉት ጠባብ ሼፐር ጨጓራን ሲጫን አሲዱን ወደ ላይ ይገፋዋል፤ ዳሌና ብሽሽት አካባቢ ሲያጠብቅ ደግሞ ወደ ጭን የሚሄደውን ነርቭ ተጭኖ ውጫዊውን ጭን ያደነዝዛል። ዶሮው ከነበርበሬው ጉሮሮዬ ላይ ተመልሶ ሲያቃጥለኝና ቀኝ ጭኔን ስቆነጥጠው የሌላ ሰው ጭን ሲሆንብኝ ሁለቱንም አረጋገጥኩ። ስለ መጸዳጃ ቤቱ አላወራም። ከሥሩ መክፈቻ ያለው ግዙ፤ ይበቃችኋል።

ከዚያ ሙዚቃው ተነሣ። ማንገቻ የሌለውን ቀሚስ ያመጡት ሰዎች ሲጨፍሩ የሚንቀሳቀሱት ከወገብ በታች ነው፤ ደረታቸው ቀጥ ብሎ ይቆማል። የእኛ እስክስታ ደግሞ ከወገብ በላይ ነው፤ ትከሻው ሲንቀጠቀጥ ደረት አብሮት ይሄዳል። ማንገቻ የሌለው ቀሚስ በዓለም ላይ የሚፈራው ጭፈራ ቢኖር ይኸው የእኛ ነው። ያወቀች ሚዜ ጨብጨብ አድርጋ ትቀመጣለች። እኔ ግን የከሳሁ ሳይሆን የጠነከርኩ መሆኔን ለእናቶቹ ላሳይ ብዬ መሃል ገባሁ።

ትከሻዬን እንደጀመርኩ ሲሊኮኑ ቅባቱ ላይ ተንሸራተተ። ላይኛው ጫፍ አንዴ ታጠፈ፤ የታጠፈ ላስቲክ ደግሞ አይቆምም። ከደረቴ ወደ ሆዴ እየተጠቀለለ ሲወርድ ይሰማኛል፣ ማስቆም ግን አልችልም። ወገቤ ላይ ሲደርስ ወፍራም ገመድ ሆኖ ተቀመጠ። ከማለዳ ጀምሮ ታፍኖ የነበረው ሆዴ ከነዶሮው ከነጠላው ወደ ቦታው ተመለሰ። የተመራቂዋ ልጅ ቀሚስ ይህንን አልቻለም። ዚፑ ከላይ እስከ ወገቤ ተተረተረና ጥቁሩ ዳንቴል ጀርባዬ ላይ ብቅ አለ።

እናቴ ነጠላዋን ከትከሻዋ ላይ ገፍፋ አለበሰችኝ። በመሃል ጸጥታ ሆነ። ከዚያ ከረድፉ አንዷ እናት ሆዴን በሁለት ዓይኗ ካየች በኋላ «እሰይ! አለች! ከነሆዷ አለች!» ብላ እልልታውን አቀለጠችው። ሌሎቹም ተቀበሏት። ለሙሽራዋ ያልተባለ እልልታ ለቦርጬ ተባለ። እናቴ ከማለዳ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ሳቀች።

ንስሐ ማለት ጥፋትን በራስ ላይ መውሰድ ነው። እኔ ግን አምስተኛ ኃጢአት ቀርቶኝ ነበር። ማታውኑ የሲሊኮኑን ጥራት ረገምኩ። የቱርክን ዚፕ ረገምኩ። ሰበብ የሚያበዛ ሰው «የእናቴ መቀነት ጠለፈኝ» ይላል ይባላል፤ እኔ ይህን ተረት በቁሙ ሠራሁበት። «ጠዋት ያ መቀነት ወገቤን ባያላላው ኖሮ ሼፐሩ አይወርድም ነበር» ብዬ እናቴን ከሰስኳት። እናቴ መልስ እንኳ አልሰጠችኝም፤ ቡናዋን ቀዳች።

ከእኔ የምትወፍረው ሌላዋ ሚዜ ቀኑን ሙሉ በልታ፣ ጨፍራ፣ ቀሚሷ ንቅንቅ ሳይል አምሽታለች። ቅናት ስድስተኛ ይሁንልኝና ምስጢሯን ጠየቅኋት። ቀሚሱን ያዘዘችው በትክክለኛ ልኳ ነው። ሲደርሳት ልብስ ሰፊ ጋ ወስዳ በየስፌቱ አጥንት፣ ወገቡ ላይ ቀበቶ አስገባችበት፤ ጡት ማስያዣውንም ከውስጥ አሰፋችው። ሼፐር የሚባል ነገር አልለበሰችም። «ዳሌዬ እኮ 118 ነው፤ በልኬ ካልተሠራ አይሆንም» አለችኝ እንደ ዋዛ፣ ባሏ በተቀመጠበት። ሰው ቁጥሩን እንዲህ ጮክ ብሎ መናገር እንደሚችል አላውቅም ነበር። የእሷ ቀሚስ የቆመው በአጥንት ብቻ አይደለም።

ስለዚህ ምክር የሚጠይቀኝ ካለ ሁሉንም ዐውቀዋለሁ። ሳትለኩ አትግዙ። ሱቅ ውስጥ ተቀመጡ፣ ጎንበስ በሉ፣ እጃችሁን አንሡ፣ አቅሙ ካላችሁ ትከሻችሁን ነቅነቅ አድርጉ። ጠይሙን ውሰዱ። ደረታችሁን ቅባት አታስነኩ። ከሁሉ በላይ ግን ቁጥራችሁን ተናገሩ፤ ቀሪው ሁሉ ከእሱ ይመጣል።

ከፋሲካ በኋላ የአክስቴ ልጅ ሠርግ አለ። ያቺው የመርካቶ ልጅ ጋ ሄድኩ። ዐወቀችኝ። «እህትሽ እንዴት ሆነላት?» አለችኝ። ጥሩ ሆነላት አልኳት። «ዛሬስ ስንት ቁጥር ልስጥሽ?» ስትለኝ ሱቁ ውስጥ ሌሎች ሴቶች ነበሩ። ጉሮሮዬን ጠረግሁ፣ እናቴን አሰብኩ፣ ቆፍጠን ብዬ ጮክ አልኩ።

«ኤክስ ኤል!»

ሁሉም ዞረው አዩኝ።

«ለእህቴ ነው» አልኩ።